አንድን ጌም በሲዲም በዲጂታልም መያዝ፦ ገንዘብ፣ ኢንተርኔትና ሴቭ እንዳይባክን

ሲዲው መደርደሪያ ላይ ተቀምጦ ያንኑ ጌም ከስቶር እንደገና መግዛት ሲሰሙት እብደት ይመስላል። ግን ምክንያት አለው። ሲዲ ማስገቢያ የሌለው ኮንሶል ገዝታችሁ ይሆናል፤ ወይም ሲዲውን ለወንድማችሁ ሰጥታችሁ እናንተም መጫወታችሁን መቀጠል ትፈልጋላችሁ፤ ወይም በየቀኑ የምትከፍቱትን አንድ ጌም ለመጫወት ሲዲ ማውጣትና ማስገባት ሰልችቷችኋል። በቅናሽ ሰሞን ዲጂታሉ ከሲዲው ረክሶ የሚገኝበትም ጊዜ ብዙ ነው።

ጣጣው የሚመጣው ከተከፈለ በኋላ ነው። ኮንሶሉ ሁለቱን እንደ አንድ ጌም ካልቆጠራቸው ሙሉውን ጌም እንደገና ማውረድ፣ ሴቩ ባዶ ሆኖ ማግኘት፣ በገንዘብ የተገዛ ዲኤልሲ (ለጌሙ ተጨማሪ ሆኖ የሚሸጥ ይዘት) አልከፍት ማለት ይከተላል። በፕሌይስቴሽን ይህን በአብዛኛው የሚወስነው ከመክፈል በፊት የሚታይ አንድ ኮድ ነው። ስለዚህ ረጅሙን ጊዜ የምናጠፋው እሱ ላይ ነው።

ኮንሶሉ ጌሙን እንዴት ነው የሚያየው?

ለኮንሶሉ አንድ ጌም ሦስት ነገር ነው፦ ዳታው፣ ፈቃዱና ሴቩ። ዳታው ሃርድ ዲስኩ ላይ ቦታ የሚይዘው ብዙ ጊጋ ነው። ፈቃዱ «ይህ ሰው መጫወት ይችላል» የሚለው ማረጋገጫ ነው። ሴቩ የደረሳችሁበት ደረጃ ነው።

ከፒኤስ 4 እና ከኤክስቦክስ ዋን ወዲህ ባሉ ኮንሶሎች ላይ ሲዲው ሲገባ ዳታው ወደ ሃርድ ዲስክ ይገለበጣል፤ ከዚያ በኋላ ሲዲው የሚፈለገው ለፈቃድነቱ ብቻ ነው። ዲጂታል ስትገዙ በመሠረቱ የምትገዙት ሁለተኛ ፈቃድ ነው፤ ይኸኛው ከሲዲ ሳይሆን ከአካውንት ጋር የታሰረ። ከሲዲ የተጫነውን ዳታ አዲሱ ፈቃድ ከተቀበለው ከኢንተርኔት የምታወርዱት ትንሽ ነገር ይሆናል ማለት ነው። የሞባይል ዳታ እየገዛ ለሚጫወት ሰው ይህ ቀላል ልዩነት አይደለም።

ኔንቴንዶ ስዊች ከዚህ ይለያል። ካርዱ ላይ ያለው ዳታ ወደ ኮንሶሉ አይገለበጥም፤ ጌሙ የሚነበበው በቀጥታ ከካርዱ ነው። ስለዚህ በስዊች ዲጂታሉን ስትገዙ ሁልጊዜ ሙሉውን ታወርዳላችሁ።

መጀመሪያ ሒሳቡ

ዲጂታል ለመግዛት ያሰባችሁት ኮንሶላችሁ ሲዲ ስለማይቀበል ብቻ ከሆነ፣ ከጌሙ በፊት የሲዲ ማጫወቻውን ዋጋ አስቡ። እ.ኤ.አ. በኅዳር 2023 የወጣው ቀጭኑ ፒኤስ 5 ዲጂታል እና በኅዳር 2024 የወጣው ፒኤስ 5 ፕሮ ከጎናቸው የሚገጠም ማጫወቻ ይቀበላሉ። ማጫወቻው ለብቻው ሲወጣ አሜሪካ ውስጥ ዋጋው 79.99 ዶላር ነበር፤ አዲስ የፒኤስ 5 ጌም ደግሞ 69.99 ዶላር ይሸጣል። አምስትና ስድስት ሲዲ ያለው ሰው ሁሉንም በዲጂታል ከሚደግም ማጫወቻውን ቢገዛ ይሻለዋል፤ ይህ ክርክር የሚያስፈልገው አይደለም።

ሁለት ነገር ግን አስተውሉ። ማጫወቻው መጀመሪያ ሲገጠም ከኮንሶሉ ጋር የሚጣመረው በኢንተርኔት ነው፤ ኢንተርኔት በሌለበት ቤት ገጥማችሁ ወዲያው አትጫወቱም። ደግሞም እ.ኤ.አ. በ2020 የወጣው የመጀመሪያው ፒኤስ 5 ዲጂታል ይህን ማጫወቻ አይቀበልም፤ ኤክስቦክስ ሲሪስ ኤስም ማስገቢያ የለውም፣ አይጨመርለትምም። የእነዚህ ባለቤት ከሆናችሁ መንገዱ ዲጂታል ብቻ ነው።

ኮዱን ማመሳከር

እዚህ ላይ ቀስ በሉ። ፒኤስ 4 እና ፒኤስ 5 የየትኛውንም አገር ሲዲ ያጫውታሉ። በዚህ የተነሳ ብዙ ሰው «ሪጅን የሚባል ነገር ቀርቷል» ብሎ ያምናል፤ ሪጅን ጌሙ ለየትኛው የዓለም ክፍል እንደወጣ የሚለየው ነው። ለማጫወት ቀርቷል፤ ለሴቭ፣ ለዲኤልሲና ለአፕዴት ግን አልቀረም። አንድ ጌም አሜሪካ ውስጥ አንድ ቁጥር፣ አውሮፓ ውስጥ ሌላ ቁጥር ይዞ ሊወጣ ይችላል፤ ኮንሶሉም በተለያየ ቁጥር የመጡትን እንደ ሁለት የተለያዩ ጌሞች ይቆጥራቸዋል።

ጂቲኤ 5 ጥሩ ማሳያ ነው። የፒኤስ 4ቱ የአውሮፓ ቅጂ ሲዩኤስኤ-00411 ሲሆን የአሜሪካው ሲዩኤስኤ-00419 ነው። ከአውሮፓ ዘመድ ያመጣላችሁን ሲዲ ከወራት በፊት ጭናችሁ ስትጫወቱ ቆይታችሁ፣ አሁን በአሜሪካ አካውንት ዲጂታሉን ገዛችሁ እንበል። ኮንሶሉ ላይ ሁለት የጂቲኤ ምልክት ጎን ለጎን ይቀመጣል። ከሲዲ የጫናችሁት ዳታ ለአዲሱ አይረባም፤ ሁለቱ በአንድ ላይ ሃርድ ዲስኩን ያጣብባሉ፤ አዲሱን ስትከፍቱት የግማሽ መንገድ ሴቫችሁ የለም፤ ከመጀመሪያው ትጀምራላችሁ። ሴቩ አልጠፋም፣ ያለው በ00411 ስር ነው፤ 00419 ግን አያየውም።

እኛ ዘንድ ይህ ችግር የሚበዛው ሲዲው ከየአቅጣጫው ስለሚመጣ ነው፦ አንዱ ከአሜሪካ በሻንጣ፣ አንዱ ከዱባይ፣ አንዱ ከአውሮፓ፣ ሌላው ከእጅ ወደ እጅ። ኢትዮጵያ ደግሞ በፕሌይስቴሽን ስቶር የአገሮች ዝርዝር ውስጥ የለችም፤ ስለዚህ የሰዉ አካውንት ሌላ አገር ላይ የተከፈተ ነው። ባሕረ ሰላጤ ሠርቶ በኋላ ወደ አሜሪካ የሄደ ሰውም ያው ነው፤ የፕሌይስቴሽን አካውንት አንዴ የተከፈተበትን አገር አይቀይርም። የኤምሬትስ አካውንት ይዞ የአሜሪካ የስጦታ ካርድ ቢገዛ ካርዱ አይገባለትም።

ማመሳከሩ እንዲህ ነው፦

1. የሲዲውን ኮድ አንብቡ። በሳጥኑ ጎን ወይም በሲዲው ፊት ላይ በደቃቅ ጽሑፍ አለ። የፒኤስ 4 ከሆነ «ሲዩኤስኤ» ብሎ አምስት አሃዝ፣ የፒኤስ 5 ከሆነ «ፒፒኤስኤ» ብሎ አምስት አሃዝ ነው። የጃፓንና አንዳንድ የእስያ ሳጥኖች ላይ ሌላ ዓይነት ፊደል ታገኛላችሁ፤ እነዚያ ከስቶሩ ቁጥር ጋር በቀጥታ አይነጻጸሩም።

2. አካውንታችሁ የየት አገር እንደሆነ አረጋግጡ። በአካውንት መረጃ ውስጥ አገሩ ተጽፏል። «አሜሪካ መሰለኝ» አይበቃም፤ ብዙ አካውንት በሌላ ሰው እጅ የተከፈተ ነው።

3. በኮምፒውተር ወይም በስልክ ብራውዘር የዚያን አገር ስቶር ከፍታችሁ የጌሙን ገጽ አግኙ። የገጹ አድራሻ ውስጥ የምርቱ መለያ ይታያል። በ«ዩፒ» የሚጀምረው የአሜሪካ፣ በ«ኢፒ» የሚጀምረው የአውሮፓ ነው፤ ቀጥሎ አራት አሃዝ፣ ከዚያ የምትፈልጉት ሲዩኤስኤ ወይም ፒፒኤስኤ ቁጥር ይመጣል። አድራሻው ላይ ቁጥር ብቻ ካያችሁ ገና ጠቅላላው ገጽ ላይ ናችሁ፤ የምትገዙትን እትም ለይታችሁ ክፈቱት።

4. አምስቱን አሃዝ አንድ በአንድ አነጻጽሩ። አንድ ከሆኑ ቀጥሉ። ካልሆኑ ዲጂታሉን እንደ አዲስ ጌም ቆጥራችሁ ወስኑ፤ ሴቩም ዳታውም አይከተላችሁም ብላችሁ።

ሳጥኑ ጠፍቶ የሲዲው ጽሑፍ ከደበዘዘ፣ የሳጥኑ የዕድሜ ምልክት ትዝ የሚለው ሰው ካለ ያግዛል፦ አሜሪካኖቹ ፊደል ይጠቀማሉ፣ የአውሮፓው 3፣ 7፣ 12፣ 16 እና 18 የሚል ቁጥር ነው። ይህ ግን ፍንጭ እንጂ ማረጋገጫ አይደለም፤ አውሮፓ ውስጥ ራሱ አንድ ጌም ከአንድ በላይ ቁጥር ሊኖረው ይችላል። ሻጩ «የዱባይ ነው፣ ከሁሉም ጋር ይሠራል» ሲላችሁም ሲዲው ይጫወታል ማለቱ ነው፤ ስለ ዲኤልሲው አያውቅም።

ፒኤስ 4 እና ፒኤስ 5 ላይ ከሲዲ ወደ ዲጂታል መሸጋገር

ኮዱ ገጥሟል እንበል። ቅደም ተከተሉን አትዝለሉ።

መጀመሪያ ሴቩን አውጡ። በፒኤስ 4፦ «ሴቲንግስ»፣ «አፕሊኬሽን ሴቭድ ዳታ ማኔጅመንት»፣ «ሴቭድ ዳታ ኢን ሲስተም ስቶሬጅ»፣ ከዚያ ወደ ዩኤስቢ ኮፒ። ፍላሹ በፋት32 ወይም በኤክስፋት ፎርማት የተደረገ ይሁን፤ በሌላ ፎርማት ከሆነ ኮንሶሉ አያየውም። በፒኤስ 5 ላይ የፒኤስ 4 ጌም ሴቭ ወደ ፍላሽ ይወጣል፤ የፒኤስ 5 ጌም ሴቭ ግን አይወጣም። እሱን ማስቀመጥ የሚቻለው በፕሌይስቴሽን ፕላስ ደንበኝነት ክላውድ ላይ ነው። ደንበኝነት ከሌላችሁ አትደናገጡ፤ ጌሙን ማጥፋት ሴቩን አያጠፋም። ሴቩን የሚያጠፋው ኮንሶሉን ወደ ፋብሪካ ቅንብር መመለስ ወይም ዩዘሩን መሰረዝ ነው። ፕሌይስቴሽን ለሰው ከመስጠታቸው በፊት «ለማጽዳት» ዩዘሩን ሰርዘው የሦስት ዓመት ሴቭ የሚቀብሩ ሰዎች ጥቂት አይደሉም።

ሴቩ የአካውንትም ነው። ሲዲውን የተጫወታችሁት በአንድ ዩዘር፣ ዲጂታሉን የገዛችሁት በሌላ ዩዘር አካውንት ከሆነ ኮዱ ቢገጥምም ሴቩ አይሻገርም። ያኔ መፍትሔው ዲጂታሉን የገዛው አካውንት ፈቃዱን ለኮንሶሉ ሁሉ እንዲያጋራ አድርጎ በድሮው ዩዘር መጫወት ነው፤ አሠራሩ ከታች አለ።

ቀጥሎ ጌሙን ከሲዲው ሙሉ በሙሉ ጫኑ፤ አፕዴቱንም ጨርሱ። ሲዲው ላይ ብዙ ዳታ መኖር አለመኖሩን ከወዲሁ እወቁ። የፒኤስ 5 ሲዲ እስከ 100 ጊጋ ይይዛል፤ ሁሉም አሳታሚ ግን አይጠቀምበትም። እ.ኤ.አ. በ2022 የወጣው ኮል ኦፍ ዱቲ ሞደርን ዋርፌር 2 በፒኤስ 5 ሲዲው ላይ የነበረው ዳታ 100 ሜጋ እንኳ አይሞላም፤ ቀሪው ከኢንተርኔት ይወርድ ነበር። እንዲህ ያለ ሲዲ ለዳታ ቁጠባ አይረዳችሁም።

አሁን ግዙ፤ ግን «ዳውንሎድ» የሚለውን አትንኩ። በፕሌይስቴሽን ስቶር የተገዛ ጌም ገንዘቡ የሚመለሰው በ14 ቀን ውስጥ ሆኖ ማውረድ ካልተጀመረ ነው። ማውረድ አንዴ ከተጀመረ፣ ጌሙ ራሱ ችግር ከሌለበት በቀር፣ ተመላሽ የለም። ከኮንሶሉ ይልቅ በብራውዘር መግዛት የሚመረጠው ለዚህ ነው። ከፍላችሁ ስትጨርሱ ደረሰኙ ላይ ያለውን የእትም ስም እንደገና እዩት፤ የገዛችሁት ለፒኤስ 4 ነው ወይስ ለፒኤስ 5? የፈለጋችሁት እትም ካልሆነ ያኔውኑ ተመላሽ ጠይቁ።

ሲዲውን አውጥታችሁ ጌሙን ክፈቱ። ከሦስት ነገር አንዱ ይሆናል።

አንደኛ፦ ዝም ብሎ ይከፈታል። ጨርሳችኋል።

ሁለተኛ፦ ምልክቱ ላይ ቁልፍ ይታያል ወይም ሲዲ አስገባ ይላል። ፈቃዱ ገና ኮንሶሉ አልደረሰም። በፒኤስ 5 «ሴቲንግስ»፣ «ዩዘርስ ኤንድ አካውንትስ»፣ «አዘር»፣ «ሪስቶር ላይሰንስስ»፤ በፒኤስ 4 «አካውንት ማኔጅመንት» ውስጥ ያው ስም። ከዚያ ኮንሶሉን በሬስት ሞድ (በእንቅልፍ) ሳይሆን ሙሉ በሙሉ አጥፍታችሁ አስነሱት።

ሦስተኛ፦ አሁንም ካልሆነ ከላይብረሪው «ዳውንሎድ» ተጫኑና ወዲያው የማውረጃ ዝርዝሩን ክፈቱ። መጠኑ ትንሽ ከሆነ ይለፍ። ሙሉው ጌም ተሰልፎ ካያችሁ አቁሙት። አንዳንድ ጌም ኮዱ እየገጠመ እንኳ ከሲዲ የተጫነውን አይቀበልም፤ ያኔ የሲዲውን ጭነት አጥፍቶ ሙሉውን ማውረድ ግድ ነው። ጥሩ ዋይፋይ እስክታገኙ በሲዲው ተጫወቱ። ለዚህ ነው ሲዲውን በገዛችሁ ቀን ለሰው አትስጡ የምንለው።

ሁሉም ሲያልቅ አንድ ፈተና ይቀራል፦ ኢንተርኔቱን አጥፉና ክፈቱት። በኢንተርኔት ብቻ የሚከፈት ከሆነ ኮንሶላችሁ ለአካውንቱ ዋና ኮንሶል አልተደረገም። በፒኤስ 5 እዚያው «አዘር» ውስጥ «ኮንሶል ሼሪንግ ኤንድ ኦፍላይን ፕሌይ»፣ በፒኤስ 4 «አክቲቬት አዝ ዩር ፕራይመሪ ፒኤስ4» ነው። መብራት ሲመጣ ኔትወርክ ሳይመጣ በሚቀርበት ቤት ይህን ሳያደርጉ ዲጂታል መግዛት ዋጋ የለውም።

የፒኤስ 4 ሲዲ እና የፒኤስ 5 ዲጂታል

እነዚህ ሁለቱ፣ ስማቸው አንድ ቢሆንም፣ በኮድም በዳታም በሴቭም የተለያዩ ናቸው። የፒኤስ 4ቱ ሴቭ ወደ ፒኤስ 5ቱ የሚገባው ጌሙን የሠራው ድርጅት መንገድ ካበጀለት ብቻ ነው፤ ብዙውን ጊዜ በጌሙ ዋና ማውጫ ውስጥ «ኢምፖርት» ወይም «ትራንስፈር» የሚል ምርጫ ይኖራል። ጂቲኤ 5 እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2022 ለፒኤስ 5 ሲወጣ የታሪኩን ሴቭ ከፒኤስ 4ቱ ጌም ውስጥ ሆኖ መጫን፣ ከዚያ በፒኤስ 5ቱ ማውረድ ነበር ሥርዓቱ። ይህን ሳያደርጉ የፒኤስ 4ቱን ሲዲ የሸጠ ሰው ሴቩን ለማውጣት ሲዲውን መልሶ መፈለጉ አይቀርም።

አንድ ወጥመድ ለብቻው ሊነገር ይገባዋል። ግራን ቱሪስሞ 7 እና ጎድ ኦፍ ዋር ራግናሮክ ከፒኤስ 4 ወደ ፒኤስ 5 በ10 ዶላር ያሻግራሉ። በሲዲ ላይ ተመሥርታችሁ ካሻገራችሁ የፒኤስ 5ቱን ዳታ ከኢንተርኔት ብታወርዱትም ፈቃዱ ያለው የፒኤስ 4ቱ ሲዲ ውስጥ ነው። ለመጫወት ሲዲው ሁልጊዜ ይግባ ይላል። ሲዲውን ሸጣችሁ ማለት የከፈላችሁት 10 ዶላርም አብሮ ሄደ ማለት ነው። ማስገቢያ በሌለው ፒኤስ 5 ላይ ደግሞ ይህ ማሻገሪያ ጨርሶ አይሠራም።

ሁለቱም ቅጂ አንድ ፒኤስ 5 ላይ ካሉ፣ ከ«ፕሌይ» ቀጥሎ ያሉትን ሦስት ነጥቦች ተጫኑና የትኛው እንደሚከፈት ምረጡ። «ሴቬ ጠፋ» ተብሎ ከሚመጣው ውስጥ ብዙው ሳይታወቅ የፒኤስ 4ቱን ቅጂ የመክፈት ጉዳይ ነው።

ኤክስቦክስ

እዚህ ነገሩ ቀላል ነው። ሴቭ በራሱ ወደ ክላውድ ይወጣል፣ ለዚህም ክፍያ የለም። ከሲዲ የተጫነ ጌም ላይ ዲጂታሉን ስትገዙ ሲዲውን አውጥታችሁ ትከፍታላችሁ፤ እንደገና መጫን አያስፈልግም። ሲዲ አስገባ እያለ ካስቸገረ የኮንሶሉን ማብሪያ 10 ሰከንድ ያህል ተጭናችሁ ሙሉ በሙሉ አጥፉት። ኢንተርኔት ሳይኖር ለመጫወት «ጀነራል»፣ «ፐርሰናላይዜሽን»፣ «ማይ ሆም ኤክስቦክስ» ውስጥ ኮንሶሉን የአካውንቱ ቤት አድርጉት። ይህን በዓመት አምስት ጊዜ ብቻ ነው መቀየር የሚቻለው፤ በየሳምንቱ ከጓደኛ ወደ ጓደኛ አታዙሩት። የአካውንት አገርም በየሦስት ወሩ አንዴ መቀየር ይቻላል፤ በስቶሩ ውስጥ ያለ ቀሪ ገንዘብ ግን አብሮ አይሄድም፣ አስቀድማችሁ ተጠቀሙበት።

ኔንቴንዶ ስዊች

ካርዱንና ዲጂታሉን ስዊች በአንድ ምልክት ነው የሚያሳያቸው። ሴቩ ካርዱ ላይም ማይክሮ ኤስዲው ላይም የለም፤ ኮንሶሉ ውስጥ ነው። ስለዚህ ካርዱን አውጥታችሁ ዲጂታሉን ስታወርዱ ሴቩ እዚያው ይጠብቃችኋል፤ የወረደ አፕዴትም አይደገምም። የሚያሳስበው ቦታ ነው። የመጀመሪያው ስዊች ውስጣዊ ማከማቻ 32 ጊጋ፣ ኦሌድ የሚባለው ሞዴል 64 ጊጋ ነው፤ ካርድ ሲጠቀም የኖረ ሰው ወደ ዲጂታል ሲዞር ማይክሮ ኤስዲ መግዛቱ አይቀርም። ስዊች 2 ውስጡ 256 ጊጋ ቢሆንም ጌም የሚያስቀምጠው በማይክሮ ኤስዲ ኤክስፕረስ ላይ ብቻ ነው፤ የድሮው ማይክሮ ኤስዲ ለዚህ አያገለግለውም።

በስዊች 2 ሳጥኑ ፊት፣ ከታች በኩል፣ ነጭ መስመር ላይ የቁልፍ ምልክት ካያችሁ ካርዱ ውስጥ ጌም የለም፤ ቁልፍ ብቻ ነው። ጌሙን ታወርዳላችሁ፣ ለመጫወት ደግሞ ካርዱም መግባት አለበት። የዲጂታሉ የኢንተርኔት ወጪና የካርዱ መቀያየር ባንድ ላይ፤ በእኛ ሚዛን ለኢትዮጵያ የማይመከር ግዢ ነው። ሳይበርፓንክ 2077 ግን ሙሉው ጌም 64 ጊጋ ካርድ ላይ ገብቶ ነው የተሸጠው። ማለት የፈለግነው፣ ሳጥኑን አገላብጡ።

ዲጂታሉን ለቤተሰብ ማዋስ የፈለገ፣ እ.ኤ.አ. ከሚያዝያ 2025 ወዲህ «ቨርቹዋል ጌም ካርድ» የሚባል አሠራር አለ። በቤተሰብ ቡድን ውስጥ ላለ ሰው ለ14 ቀን ይዋሳል፤ በዚያን ጊዜ እናንተ አትጫወቱትም፤ ቀኑ ሲደርስ በራሱ ይመለሳል። ካርዱም ዲጂታሉም ያለው ሰው አንዱን አውሶ በሌላው ይጫወታል። ትንሽ ልጅ ቤት ውስጥ ካለ የስዊች ካርድ አፉ ውስጥ እንዳይገባ አርቁት፤ ኔንቴንዶ ካርዱን ሆን ብሎ የሚመር ነገር ቢቀባውም በዚያ ብቻ አትተማመኑ።

ዲኤልሲና «ዴሉክስ»

ዲኤልሲ የሚከተለው የጌሙን ኮድ ነው። በአሜሪካ አካውንት የተገዛ ዲኤልሲ ከአውሮፓ ሲዲ ጋር አይከፈትም፤ ገንዘቡ ተከፍሏል፣ ላይብረሪው ውስጥ አለ፣ ጌሙ ግን አያየውም። ሳጥን ውስጥ የሚገኘው የኮድ ወረቀትም ሪጅን አለው። ለሲዲ የሚሆን ዲኤልሲ ስትፈልጉ የሲዲውን ሪጅን የሚመጥን አካውንት አንድ ዩዘር አድርጎ መክፈትና በእሱ መግዛት አንዱ መንገድ ነው፤ ኮንሶል ሼሪንግ ከተበራ ሌላው ዩዘር ይጠቀምበታል።

ደግሞ ብዙ ሰው ተራውን ሲዲ ይዞ «ዴሉክስ» የሚባለውን፣ ተጨማሪ ይዘት ያለበትን ዲጂታል እትም ሙሉ ዋጋ ይከፍላል። ከመክፈላችሁ በፊት ስቶሩ ውስጥ «አፕግሬድ» የሚል እትም መኖሩን ፈልጉ። ልዩነቱን ብቻ ይሸጣል፣ ለሲዲውም ይሠራል፣ ኮዱ እስከገጠመ ድረስ።

ቤት ውስጥ ከአንድ በላይ ኮንሶል ሲኖር

ሁለቱንም ቅጂ መያዝ የሚያዋጣው እዚህ ነው። አንድ የፒኤስ 4 ዲጂታል ግዢ ሁለት ኮንሶል ያጫውታል፦ አንዱ ዋና የተደረገው፣ እዚያ ያለ ማንኛውም ዩዘር ይጫወታል፤ ሌላው ገዢው በአካውንቱ ገብቶ፣ ኢንተርኔት ኖሮ የሚጫወትበት። ሲዲው ሦስተኛውን ይይዛል። የተለመደው ስሕተት ዋናውን ኮንሶል የራስ ማድረግ ነው፤ የሚሻለው የወንድማችሁን ዋና አድርጋችሁ፣ እናንተ በራሳችሁ አካውንት መግባት ነው። ውሉ ይህን የሚፈቅደው ለግልና ለቤተሰብ ነው፤ በሰዓት ለሚያስከፍል ፕሌይስቴሽን ቤት አይደለም።

ዋና የተደረገው ኮንሶል ከተሰረቀ ወይም ዋናነቱ ሳይነሳ ከተሸጠ፣ ከአካውንቱ ድረ ገጽ ሁሉንም ኮንሶል በአንዴ ማላቀቅ ይቻላል። ይህ በስድስት ወር አንዴ ብቻ ነው።

ሲዲውን እንሽጠው ወይስ እናስቀምጠው?

ዲጂታሉ ሠርቶ ከተረጋገጠ የአብዛኛውን ጌም ሲዲ መሸጥ ምንም የለበትም። የምናስቀረው የሁለት ዓይነቶችን ነው።

አንዱ ፈቃዳቸው ጊዜ ያለው ጌሞች፣ በተለይ የኳስና የመኪና። የጌም አሳታሚው ኢኤ እ.ኤ.አ. በ2023 ኢኤ ስፖርትስ ኤፍሲ 24 ሊወጣ ሲል የቀድሞዎቹን የፊፋ ጌሞች ከዲጂታል ስቶር አነሳቸው። አስቀድሞ የገዛ ከላይብረሪው ያወርዳል፤ አዲስ የሚፈልግ ግን ሲዲ ካላገኘ በቀር የለውም። ፎርዛ ሆራይዝን 4ም በታኅሣሥ 2024 እንዲሁ ከስቶር ወርዷል። ሌላው ዓይነት ሲዲው ሙሉ የሆነና ያለ ኢንተርኔት የሚጫወት ጌም ነው፤ አካውንታችሁ ቢዘጋ ወይም ይለፍ ቃሉ በሌላ ሰው እጅ ቢገባ የሚቀራችሁ እሱ ነው።

በኢንተርኔት ብቻ የሚሠራውን ግን ሲዲም አያድነውም። «ዘ ክሩ» የተባለው የዩቢሶፍት ጌም ሰርቨር እ.ኤ.አ. መጋቢት 31 ቀን 2024 ሲዘጋ ሲዲ የያዘውም ዲጂታል የገዛውም እኩል ነው የቀረው።

ለመሸጥ ከወሰናችሁ ሲዲውን በለስላሳ ጨርቅ ከመሃል ወደ ዳር ጥረጉት፤ በክብ አትጥረጉ። ሳጥኑ ውስጥ ያለውን የዲኤልሲ ወረቀት ከተጠቀማችሁበት አውጡት ወይም ለገዢው ንገሩት። የ10 ዶላሩን ማሻገሪያ የፈጸማችሁበት የፒኤስ 4 ሲዲ እንዳይሆን ደግማችሁ እዩ። ገዢው ኮዱን ከጠየቃችሁ ደግሞ ፎቶ አንስታችሁ ላኩለት፤ እሱም በየት አገር አካውንት ዲኤልሲ እንደሚገዛለት ማወቅ ይፈልጋል።